ቀስቱን ማን ሠራው? መጽሐፉንስ ማን ጻፈው?



ለትምህርት ቤታችን በእርዳታ ከመጡት መጻሕፍት መካከል ስለ ቀስት አሠራርና ስለ 19ኛው ክፍለ ዘመን የአሜሪካ ታሪክ የሚናገሩ ጥቂቶች ይገኛሉ። ስለ እነዚህ መጻሕፍት ከወላጆች ሁለት ዓይነት አስተያየት ሰምቻለሁ። አንደኛው «ልጆቻችን ለፈተና የሚሆን የሒሳብና የሳይንስ መጽሐፍ አጥተው ስለ ቀስት ያንብቡ እንዴ? ቦታ ከሚያጣብቡ የቆሎ መጠቅለያ ይሁኑ» የሚል ነው። ሁለተኛው ደግሞ «ከጦር መሣሪያ ሸሽተን መጥተን፣ ልጆቻችን የጦር መሣሪያ መጽሐፍ እንዲያነቡ አንፈልግም» ይላል። ሁለቱም ለልጅ ከማሰብ የመጡ ስለሆኑ አከብራቸዋለሁ፤ ነገር ግን አልስማማባቸውም። ምክንያቴን በትዕግሥት እንድታነቡልኝ እጠይቃለሁ። ከዚህ በታች የጠቀስኳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በቀስት ስለ ማደን የሚናገረውን መጽሐፍ ሳክስተን ፖፕ የተባለ የሳን ፍራንሲስኮ ቀዶ ጥገና ሐኪም ጽፎ በ1923 አሳተመው። ሐኪሙ ይህን ሙያ ያገኘው ከዩኒቨርሲቲ ሳይሆን ኢሺ ከሚባል ሰው ነው። ኢሺ ያሂ ከሚባሉት የካሊፎርኒያ ነባር ሕዝቦች ወገን ነበር። በ1848 በካሊፎርኒያ ወርቅ ሲገኝ ሰው ከየአገሩ ጎረፈ። ሰፋሪዎች የያሂን መሬት ያዙ፤ በ1860ዎቹም ሕዝቡን እያሳደዱ ጨፈጨፉት። የተረፉት ጥቂት ሰዎች አርባ ዓመት ያህል በገደልና በጫካ ተደብቀው ኖሩ። በ1908 መሬት ቀያሾች መደበቂያቸውን አግኝተው ዕቃቸውን ወሰዱባቸው። በኦገስት 1911 ኢሺ ብቻውን፣ በረሃብ ተጎድቶ፣ ኦሮቪል ከተባለች ከተማ አጠገብ ተገኘ። ያን ጊዜ ዕድሜው ወደ ሃምሳ ይጠጋ ነበር።

የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ምሁራን ወስደው በሙዚየማቸው አኖሩት። ፖፕም እዚያ አውቆት ሙያውን ተማረ። ኢሺ ቀስቱን የሚሠራው ከጥድ እንጨት ነበር። እንጨቱን ጠርቦ ካስተካከለ በኋላ የአጋዘን ጅማት በጥርሱ አኝኮ ያለሰልስና ከዓሣ ቆዳ በተቀቀለ ሙጫ በጀርባው ላይ ይለጥፈዋል። ቀስቱ ሲለጠጥ ጅማቱ እንጨቱን እንዳይሰበር ይይዘዋል፤ ለመወርወሪያውም ጉልበት ይጨምርለታል። የፍላጻውን ጫፍ ከባልጩት ወይም ከተሰበረ ጠርሙስ በቀንድ እየፈለጠ ያወጣዋል።

ወላጆች ሆይ፣ እንግዲህ ይህ የጦርነት መጽሐፍ ነው? እኔ የማየው ከጥድና ከጅማት እንጀራውን የሚያበስል ባለሙያ ነው። ኢሺ በማርች 1916 በሳንባ ነቀርሳ ሞተ። ፖፕ ጠይቆ ባይጽፍ ኖሮ ያ ሁሉ ጥበብ አብሮት በተቀበረ ነበር። ይሁን እንጂ ዛሬ የምናውቀው ፖፕ የጠየቀውንና የገባውን ያህል ብቻ ነው። ስሙን እንኳ አናውቀውም። በሕዝቡ ልማድ ሰው የራሱን ስም ስለማይናገር፣ ምሁራኑ «ኢሺ» አሉት፤ በቋንቋው «ሰው» ማለት ነው።

ብዕሩን ማን እንደያዘ መጠየቅ የሚጠቅመው ስለዚህ ነው። በ1878 ሞሪስ ቶምሰን የተባለ አሜሪካዊ ደራሲ ቀስት መወርወርን የሚያወድስ መጽሐፍ አሳተመ። በማግሥቱ ዓመት፣ በ1879፣ በአሜሪካ ብሔራዊ የቀስት ማኅበር ተቋቋመ፤ ቀስትም የከተማ ሰዎች መዝናኛ ሆነ። በዚያው በ1879 በፔንስልቬንያ የካርላይል አዳሪ ትምህርት ቤት ተከፈተ። የነባር ሕዝቦች ልጆች ከወላጆቻቸው ተለይተው ወደዚያ ተወሰዱ፤ ጸጉራቸው ተቆረጠ፤ በቋንቋቸው እንዳይናገሩ ተከለከሉ። በአንድ ዓመት ውስጥ የአንዱ ልጅ ቀስት ያነሣል፣ የሌላው ልጅ የአባቱን ቀስት እንዲረሳ ይደረጋል። አንዱን መጽሐፍ ብቻ ያነበበ ሰው ግማሹን ታሪክ ብቻ ይዞ ይቀራል።

ከሁሉም በላይ እንድታነቡት የምፈልገው ግን ባለታሪኩ ራሱ የጻፈውን ነው። ኦሂዬሳ፣ በኋላ ቻርልስ ኢስትማን የተባለው፣ በ1858 በሚኒሶታ ከዳኮታ ሕዝብ ተወለደ። በ1862 መንግሥት ለመሬታቸው ሊከፍል የተዋዋለው ገንዘብ ዘግይቶ፣ ቀለቡም ተከልክሎ የተራቡት ዳኮታዎች ተነሡ። ጦርነቱ በሳምንታት ውስጥ በሽንፈት አለቀ። ዲሴምበር 26 ቀን 1862 ሠላሳ ስምንት ዳኮታዎች በማንኬቶ ከተማ በአንድ ጊዜ ተሰቀሉ። የኦሂዬሳ ዘመዶች ሕፃኑን ይዘው ተሰደዱ፤ ድንበር ተሻግረውም ካናዳ ገቡ። አባቱም ሞቷል ብለው አለቀሱ።

ልጁ በስደት ያደገው በአያቱና በአጎቱ እጅ ነው። ከእኩዮቹ ጋር ቀስት መወርወር ተማረ። አጎቱ ጠዋት ሲወጣ የምታየውን ሁሉ ልብ በል ይለዋል፤ ማታ ሲመለስ ምን ወፍ አየህ፣ በምን ለየኸው፣ የዛፉ ቅርፊት በየትኛው ወገን ፈካ ይላል እያለ ይፈትነዋል። ኦሂዬሳ አሥራ አምስት ዓመት ሲሆነው ሞቷል የተባለው አባቱ ድንገት መጥቶ ወሰደውና ትምህርት ቤት አስገባው። በ1890 ከቦስተን ዩኒቨርሲቲ በሕክምና ተመረቀ። በዚያው ዓመት ዲሴምበር 29 ቀን የአሜሪካ ጦር በውንድድ ኒ ላኮታዎችን ሲጨፈጭፍ፣ ከሞት የተረፉትን ቁስለኞች ካከሙት አንዱ እሱ ነበር። በ1902 የልጅነት ታሪኩን ጽፎ አሳተመ። ትምህርት ቤት መግባቱ የአጎቱን ትምህርት አላስረሳውም፤ እንዲያውም የሚጽፍበትን ብዕር ሰጠው።

«ይህ ግን ለፈተና አይመጣም» ትሉኝ ይሆናል። እውነት ነው፣ አይመጣም። ፈተናው ይቅደም፤ ሒሳቡ ይሠራ። የዩኒቨርሲቲ ትምህርቱ በመሐል የተቋረጠበት ሰው ፈተናን አያቃልልም። ነገር ግን ፈተና ያለፈ ልጅ የቤተሰቡን ታሪክ ሌላ ሰው እንዲነግረው ከጠበቀ፣ የሚነገረው ነጋሪው የፈለገውን ያህል ብቻ ነው።

ደግሞ እዚህ ባዶ እጃችንን አልመጣንም። በየመጠለያችን ጥጥ መፍተል የሚያውቁ እናቶች፣ ሞፈርና ቀንበር የሚጠርቡ አባቶች፣ ስፌት የሚሰፉ፣ የሣር ቤት የሚከድኑ ሰዎች አሉ። እዚህ በሬ የለም፣ እርሻም የለም። ሞፈር ሲጠረብ አይቶ የማያውቅ ልጅ ደግሞ በእያንዳንዱ ክፍል ተቀምጧል። አባቶቻችን በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል ያሉት ለእንዲህ ያለ ጊዜ ነው።

ስለዚህ፣ ተማሪዎች፣ መጻሕፍቱን አንብቧቸው። ከዚያም በደብተራችሁ መጨረሻ ሁለት ገጽ አስቀሩና ከወላጆቻችሁ ወይም ከጎረቤት ሽማግሌ አንድ ሙያ ጠይቃችሁ ጻፉ። እንጨቱ ምን ይባላል? በስንት ክንድ ይለካል? መጀመሪያ ምን ይደረጋል? ቀጥሎስ? ስሕተት የሚመጣው የት ላይ ነው? ከላይ የነገራችሁን ሰው ስም ጻፉ፤ ስሙ እንዲጻፍ የማይፈልግ ካለ ፈቃዱ ይከበር።

ወላጆች፣ እናንተም እንደ ኦሂዬሳ አጎት ማታ ማታ ልጆቻችሁን ጠይቁ፤ ሲጠይቋችሁም «አሁን ምን ያደርግልሃል» ብላችሁ አትመልሷቸው። መጻሕፍቱን ግን ለቆሎ አንስጣቸው። ለቆሎው ሌላ ወረቀት አይጠፋም።