የአገር ጀግና ማንን መውደድ አለበት?

ባለፈው ሴሚስተር በሴሚናር ክፍላችን ስለ አየርላንድ የነጻነት ትግል ስንወያይ የሰር ሮጀር ኬዝመንት ነገር ተነሣ። እንግሊዞች በ1916 የሰቀሉት የአየርላንድ አርበኛ ነው። ጥናቷን ታቀርብ የነበረችው ልጅ ወደ መጨረሻው ላይ እንደ ዋዛ "ሰውየው የሚወደው ወንዶችን ነበር፤ በማስታወሻ ደብተሮቹ ጽፎታል" አለች። ክፍሉ ጸጥ አለ። ከኋላ የተቀመጠ አንድ ጓደኛችን ጸጥታውን ሰብሮ "እንግሊዞች የፈጠሩበት ነው! ለአገሩ የሞተ ሰው እንዲህ ሊሆን አይችልም" ብሎ ፈረደ። ከደብተሮቹ አንድ ገጽ እንኳ አላነበበም። እኔም አላነበብኩም፤ ግን በሆዴ "ልክ ብሏል" አልኩ።

ለዚች ጽሑፍ መነሻ የሆነኝ ያ በሆዴ ያልኩት ነገር ነው። በኋላ ቤተ መጻሕፍት ገብቼ ሳገላብጥ የጓደኛችንን ዓረፍተ ነገር አየርላንዶች ራሳቸው ለብዙ አሥርት ዓመታት ሲሉት እንደኖሩ አየሁ። እኛ የአየርላንድን ምድር ረግጠን የማናውቅ ልጆች ያንኑ ቃል ከየት አመጣነው? በእኔ እምነት ያመጣነው ከብሔርተኝነት ከራሱ ነው። (ብሔርተኝነት ስል ናሽናሊዝም የሚባለውን በጠቅላላው ማለቴ ነው፤ ዛሬ ሻይ ቤት የምንጨቃጨቅበትን ብቻ አይደለም። ዓመታቱም ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) አንድ ተጨማሪ ነገር፦ በአማርኛ ለዚህ ጉዳይ ያለን የተለመደ ቃል ከሰዶም ከተማ የተወሰደ፣ ከመጠሪያነቱ ይልቅ ፍርድነቱ የሚቀድም ስለሆነ እኔ አልተጠቀምኩበትም።

እስቲ ከሰውየው እንጀምር። ኬዝመንት በ1864 ደብሊን አጠገብ ተወለደ፤ አድጎም የእንግሊዝ መንግሥት ቆንስል ሆነ። የቤልጅጉ ንጉሥ ሊዮፖልድ አስተዳደር በኮንጎ ሕዝቡን በጎማ ለቀማ ምን ያህል ያሠቃይ እንደነበር በ1904 በወጣው ሪፖርት ያጋለጠ እሱ ነው። ቀጥሎ በአማዞን፣ በፑቱማዮ ወንዝ አካባቢ በነባሮቹ ሕዝቦች ላይ የሚፈጸመውን ግፍ መረመረ። ለዚህም በ1911 "ሰር" ተባለ። የሰው ቅኝ ግዛት ሲመረምር የኖረ ሰው ዞሮ የገዛ አገሩን ማየቱ አልቀረም። በ1914 የአየርላንድ ጦር ለማደራጀት ጀርመን ገባ። በኤፕሪል 1916 ከጀርመን ሰርጓጅ መርከብ ወርዶ ኬሪ የባሕር ዳርቻ ላይ እንደደረሰ ተያዘ። በአገር ክህደት ሞት ተፈረደበት።

የኔ ጉዳይ የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው። ምሕረት ይደረግለት የሚሉ የታወቁ ሰዎች ፊርማ ያሰባስቡ ነበር፤ የሼርሎክ ሆምስ ደራሲ አርተር ኮናን ዶይል አንዱ ነበር። በዚህ ጊዜ ባለሥልጣናቱ ከደብተሮቹ ገጾች እያስገለበጡ ለጋዜጠኞችና ለአሜሪካው አምባሳደር አሳዩ። ክሱ አገር ክህደት ነው፤ ከማን ጋር እንደተኛ በክሱ ውስጥ የለም፣ ደብተሮቹም ማስረጃ ሆነው ለዳኞቹ አልቀረቡም። ሐሜቱ ግን ሥራውን ሠራ። ብዙ ደጋፊ አፈገፈገ፤ ኬዝመንትም ኦገስት 3 ቀን 1916 ለንደን ውስጥ ተሰቀለ።

እንግሊዞቹ ያሉት "ወንድ የሚወድ ወንድ ምን አርበኛ ይሆናል?" ነው። የአየርላንድ ብሔርተኞች የመለሱት ደግሞ "አርበኛ ሆኖ እንዴት ወንድ ይወዳል?" ነው። ልብ በሉ፣ ሁለቱ ጠላቶች በዚህ ነጥብ ላይ አልተጣሉም። ጠባቸው ደብተሩን ማን ጻፈው በሚለው ላይ ብቻ ነበር። በ1936 ደብተሮቹ የተጭበረበሩ ናቸው የሚል መጽሐፍ ወጣ፤ ክርክሩም የአገር ክብር ጉዳይ ሆነ። በ1965 አጽሙ ወደ ደብሊን ሲመለስ የ82 ዓመቱ ፕሬዚዳንት ደ ቫሌራ ታመው ሳለ ተነሥተው በመቃብሩ ላይ ተናገሩ። በ2002 በተደረገ የእጅ ጽሑፍ ምርመራ ደብተሮቹ የራሱ መሆናቸው ተገለጸ። ይህንን እስከ ዛሬ የማይቀበሉ አሉ።

ይህ ግትርነት ከየት መጣ? "ከሃይማኖታቸው ነው" ብሎ ማለፍ ይቻላል፤ አየርላንድ የለየላት ካቶሊክ አገር ነበረችና። ግን የሚበቃ አይመስለኝም። ማቲው አርኖልድ የተባለው የእንግሊዝ ሐያሲ በ1867 ባሳተመው ድርሰት አየርላንዶች የሚመደቡበትን የኬልት ዘር ስሜታዊ፣ የሴት ባሕርይ ያለው አድርጎ ሥሎት ነበር። በዚያ ዘመን አስተሳሰብ "ሴት ናችሁ" ማለት "ራሳችሁን ማስተዳደር አትችሉም፣ ባል ያስፈልጋችኋል" ማለት ነው። እንዲህ የተባለ ሰው ምን ይመልሳል? "ሴት መሆን ምን ነውር አለው?" የሚል መልስ ነበር፤ ግን የሰጠው የለም ማለት ይቀላል። የተሰጠው መልስ "ከእናንተ በላይ ወንዶች ነን" የሚል ነው። በ1884 የአገሬውን ስፖርት የሚያነቃቃው የጌሊክ አትሌቲክስ ማኅበር ተቋቋመ፤ ጠንካራ፣ ንጹሕ፣ ወንዳወንድ ወጣት ማፍራት የትግሉ አካል ሆነ። በዚያው በ1884 ዩናይትድ አየርላንድ የተባለው የብሔርተኞች ጋዜጣ በደብሊን ያሉ የእንግሊዝ አስተዳደር ሹማምንት ከወንዶች ጋር ይተኛሉ ብሎ አጋለጠ። ከተነኩት አንዱ፣ የፖስታ ቤቱ ሹም ጉስታቨስ ኮርንዎል፣ ጋዜጣውን በስም ማጥፋት ከስሰው ተረቱ። ደስታው ትልቅ ነበር፤ ነውሩ የእንግሊዝ ሆነ፣ ንጽሕናው የአየርላንድ። ከ32 ዓመት በኋላ እንግሊዞች በኬዝመንት ላይ ያነሡት ዱላ እንግዲህ አዲስ አልነበረም፤ አየርላንዶች ራሳቸው በሚገባ ስለው ያስቀመጡት ነው።

የእኛው "ይህ ባህላችን አይደለም፣ ከፈረንጅ የመጣ ነው" የሚለው አነጋገር እዚህ ላይ ትዝ አለኝ። አየርላንዱ ከእንግሊዝ መጣ ይላል፣ እኛ ከፈረንጅ መጣ እንላለን። ነገሩ ሁልጊዜ ከጎረቤት ነው የሚመጣው። የኡጋንዳ ፓርላማ በ2023 የአፍሪካን ባህል እጠብቃለሁ ብሎ ያከረረው ቅጣት ሥሩ የእንግሊዝ ቅኝ ገዢዎች ያወጡት ሕግ መሆኑን ስናይ ደግሞ ባህሉ የማን እንደሆነ ግራ ይገባል።

ወደ አየርላንድ ልመለስ። ብሔርተኝነት አገርን በሰው መልክ ካልሣለ የሚወደድ አይመስለውም፤ ሥዕሉም ሁልጊዜ ሴት ናት። እኛ እናት አገር እንላለን። አየርላንዶች በ1902 ዬትስና ሌዲ ግሪጎሪ የጻፉት "ካትሊን ኒ ሁሊሃን" የሚባል ቴአትር ነበራቸው። በ1798፣ ልጁ ሊያገባ በተሰናዳበት ቤት አንዲት ምስኪን አሮጊት ትመጣለች፤ መሬቷን ተቀምታለች። ሙሽራው እጮኛውን ጥሎ ለእሷ ሊዋጋ ይወጣል፤ አሮጊቷም ወጣት ሴት ትሆናለች። አሮጊቷ አገር ናት። ቴአትሩ ውብ ነው፤ ግን ሒሳቡን እንሥራ። አገር ሙሽሪት ከሆነች አርበኛው የግድ ሙሽራ ነው። በዚህ ተረት ውስጥ ሴት ወይ ተትታ የምታለቅሰው እጮኛ ናት፣ ወይ ደግሞ ምልክት ናት፤ መሣሪያ የምታነሣ ሴት ቦታ የላትም። ሙሽሪት የማይሻ ወንድማ ጭራሽ አልታሰበም።

ቴአትር ቢሆን ቴአትር ነው ብለን በተውነው። ነገር ግን ነጻነት ሲመጣ ተረቱ ሕግ ሆነ። የ1937ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 41 ቤተሰብ የኅብረተሰቡ ተፈጥሯዊ መሠረት ነው፣ ቤተሰብም በጋብቻ ላይ የቆመ ነው፣ ሴት በቤት ውስጥ ሕይወቷ ለመንግሥት ድጋፍ ትሰጣለች ይላል፤ ፍቺንም ከለከለ። ከዚያ በፊት በ1935 የወሊድ መከላከያ መሸጥም ማስገባትም በሕግ ታግዷል። ያገባች ሴት የመንግሥት ሥራዋን እንድትለቅ ያስገድድ የነበረው ደንብ እስከ 1973 ቆየ። ያለ ትዳር ያረገዘችውስ? ከ1922 ጀምሮ 10,000 ገደማ ሴቶችና ልጃገረዶች በመነኮሳት በሚተዳደሩ የልብስ ማጠቢያ ቤቶች ተዘግቶባቸው ያለ ደመወዝ ሠርተዋል፤ ያለ ጋብቻ የወለዱ ሴቶችም ነበሩባቸው። የመጨረሻው የተዘጋው በ1996 ነው፤ ጠቅላይ ሚኒስትሩ በፓርላማ ይቅርታ የጠየቁት ደግሞ በ2013። እንግዲህ ደንቡ "ወንድ ሴትን ይውደድ" ብቻ አልነበረም። ወንድና ሴት ተዋደው የወለዱትንም አልማረም። የአገር ምልክት የሆነው አንድ ዓይነት ቤት ነው፤ ከዚያ ውጭ ያለ ሁሉ፣ ወንዱም ሴቱም፣ አገርን አሰዳቢ ነው።

የሚያንገበግበኝ ግን አገሪቱን ከሠሯት ውስጥ ስንቶቹ በዚያ ቤት እንዳልኖሩ ነው። በ1916ቱ አመፅ የዜጎች ጦር ሐኪም የነበሩት ካትሊን ሊን ከትግል ጓዳቸው ከማድሊን ፍሬንች ማለን ጋር ለ30 ዓመት ያህል አብረው ኖረዋል፤ በ1919 ሁለቱ ያቋቋሙት ሆስፒታል የደብሊንን ድኻ ሕፃናት አክሟል። የአመፁ መሪ ፓትሪክ ፒርስ እጁን ሲሰጥ ነጭ ባንዲራ ይዛ የእጅ መስጠቱን መልእክት ያደረሰችው ነርሷ ኤልዛቤት ኦፋረል ናት። በታዋቂው ፎቶግራፍ ላይ ከእሷ የሚታየው እግሯና የልብሷ ጠርዝ ብቻ ሲሆን በአንዳንድ የኋላ ቅጂዎች እሱም ተፍቋል። የተቀበረችው በአመፁ አብራት ከነበረችው ከጁሊያ ግሬናን ጋር በአንድ መቃብር ነው። እነዚህ ሴቶች ለእርስ በርስ ምን እንደነበሩ እኔ ልወስን አልችልም። ቢሆንም የ1937ቱን ሕገ መንግሥት ሲያነቡ ራሳቸውን የት አገኙት ብዬ አስባለሁ።

በወንዶች በኩል ያለው ታሪክ ደግሞ ያስቃል፣ ያሳዝናልም። በወንዶች መካከል የሚደረግን ግንኙነት የሚቀጡት የ1861ና የ1885 ሕጎች የእንግሊዝ ሕጎች ናቸው። እንግሊዝ በ1967 ስታሻሽል አየርላንድ ይዛ ቀረች። የደብሊኑ መምህር ዴቪድ ኖሪስ በ1977 ክስ ጀመሩ፤ በ1983 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 3 ለ 2 ፈረደባቸው። አብላጫዎቹ ዳኞች ያነሡት የሕገ መንግሥቱን ክርስቲያናዊ መንፈስና የጋብቻን ጥበቃ ነው። አስቡት! ደሙን አፍስሶ ከእንግሊዝ ያመለጠ አገር የንግሥት ቪክቶሪያን ሕግ የራሴ መንፈስ ነው ብሎ ሲሟገት። ኖሪስ በ1988 በአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት 8 ለ 6 ረቱ፤ ሕጉ የተሻረው በ1993 ነው። በሰሜን አየርላንድ ደግሞ የአየርላንድ ብሔርተኝነት ቀንደኛ ጠላት የነበሩት ፓስተር ኢያን ፔይስሊ በ1977 "አልስተርን ከሰዶም እናድን" የሚል ዘመቻ መርተዋል። በሁሉ ነገር የሚገዳደሉ ወገኖች እዚህ ላይ አንድ ሆኑ።

ጓደኛዬ ይህን ሲሰማ "ዛሬ ግን ተለውጠዋል አይደል?" አለኝ። ተለውጠዋል። በሜይ 2015 ሕዝበ ውሳኔ 62 ከመቶው የተመሳሳይ ጾታ ጋብቻን አጸደቀ። ስደተኞች ድምፅ ለመስጠት አገራቸው ገቡ፣ አያቶች ስለ ልጅ ልጆቻቸው ተናገሩ። ደስ ይላል። እንደኔ እንደኔ ግን ተረቱ አልፈረሰም፤ ቤቱ አንድ ክፍል ተጨመረለት እንጂ። አሁንም ጥሩ ዜጋ ለመባል ማግባት ይረዳል። በ2024 ደግሞ ቤተሰብን ከጋብቻ ውጭ ወደ ጸኑ ግንኙነቶች ለማስፋትና ስለ ሴት በቤት መኖር የሚለውን ዐረፍተ ነገር ለማውጣት የቀረቡት ሁለት ጥያቄዎች በሰፊ ልዩነት ወደቁ። ለመውደቃቸው ብዙ ምክንያት ይሰጣል፤ የረቂቁ ቃላት ግልጽ አይደሉም ያሉም ነበሩ። ለማንኛውም የ1937ቱ ዐረፍተ ነገር እንዳለ ነው።

ያው ጓደኛዬ በመጨረሻ "እሺ፣ ደብተሩን ራሱ ጻፈው እንበል፤ የኮንጎውን ሪፖርትስ?" አለኝ። ያንንም ራሱ ነው የጻፈው አልኩት። እንዲያውም ከደብተሮቹ አንዱ የ1903 ነው፣ ኮንጎ ውስጥ እየዞረ የተገረፉትን ሰዎች ቃል ይቀበልበት የነበረው ዓመት።