ተወካያችን ቤቱ የት ነው?

በዚህች አጭር ጽሑፍ የማነሳው ሃሳብ መነሻው መጽሐፍ ሳይሆን የአያቴ ጥያቄ ነው።

ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም. 6ኛው አገር አቀፍ ምርጫ በተካሄደ ዕለት አያቴን ደግፌ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን በላይ ካለው ሰፈራችን ወደ ምርጫ ጣቢያው ወረድን። አያቴ በጉልበቷ ዘመን ከእንጦጦ እንጨት እየተሸከመች ልጆቿን ያሳደገች ሴት ናት። ሰልፉ አይጣል ነበር። እየተጠባበቅን ስለ ዕጩዎቹ ስነግራት፣ «እሺ፣ ይሄ ሰውዬ ቤቱ የት ነው?» አለችኝ።

«እማዬ፣ ለፓርላማ እኮ ነው የሚመረጠው፤ ቤቱ ምን ያደርግልሻል?»

«ታዲያ ውሃ ሲጠፋ የማንን በር ላንኳኳ?»

እኔም ሳቅሁ። በዓመቱ ግን ሰፈራችን ውሃ ጠፍቶ ጀሪካን ይዘን ስንዞር ጥያቄዋ ትዝ አለኝና ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ሄጄ የምክር ቤት ተወካያችንን የት እንደማገኝ ጠየቅሁ። የተቀበለኝ ሠራተኛ «የምን ተወካይ?» ብሎ መልሶ እኔኑ ጠየቀኝ። ያኔ መሳቄ ቆጨኝ።

ይህንን የማወራው ማንንም ለመክሰስ አይደለም። ስለ ምርጫ ሥርዓቶች ስንማር ስለ ሳን ማሪኖ ሳነብ የአያቴ ጥያቄ እዚያ መልስ አግኝቶ ስላየሁት ነው።

ሳን ማሪኖ በጣሊያን መሃል የተከበበች፣ 61 ካሬ ኪሎ ሜትር የምትሰፋ ሪፐብሊክ ናት። የተመሠረተችበት የቲታኖ ተራራ 800 ሜትር እንኳ አይሞላም፤ ከ3 ሺህ ሜትር በላይ ከሆነው እንጦጦአችን ጋር ቢተያይ ጉብታ ነው። ሕዝቧ 34 ሺህ ገደማ ነው። የእኛ የካ በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ ብቻ፣ ለሚ ኩራ ሳይቆረጥላት፣ ከ340 ሺህ በላይ ነዋሪ ነበራት። ይሁንና ያቺ ትንሽ አገር 60 አባላት ያሉት ምክር ቤት አላት። አንድ ተወካይ ለ567 ሰው ገደማ ማለት ነው። አዲስ አበባ በዚያው ቆጠራ ከ2.7 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ይዛ በተወካዮች ምክር ቤት ያላት መቀመጫ 23 ነው። አንዱ ተወካይ ለ119 ሺህ ሰው ገደማ ይደርሳል።

«ታዲያ እኛም እንደነሱ እናድርግ?» የሚል ካለ፣ በዚያ ስሌት አዲስ አበባ ብቻዋን ከ4 ሺህ 8 መቶ በላይ ተወካይ ያስፈልጋታል። ስብሰባው መስቀል አደባባይ ካልሆነ አይቻልም! ትንሽነትም የራሱ ጣጣ አለው፤ ሁሉም ሰው በሚተዋወቅበት አገር ድምፅ ለዝምድናና ለውለታ መክፈያ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ የቀናሁት በቁጥሩ ሳይሆን በልማዱ ነው። ሳን ማሪኖ በየ6 ወሩ፣ በፈረንጆቹ ኤፕሪል 1 እና ኦክቶበር 1 ሥራ የሚጀምሩ ሁለት ርዕሳነ ብሔር አሏት። ከዚያ ቀጥሎ ባለው እሑድ ማንኛውም ዜጋ የሕዝብ ጥቅም ያለበትን ጥያቄ በጽሑፍ ያቀርብላቸዋል፤ ጥያቄውን ተቀብለው ካሳለፉት ምክር ቤቱ መልስ የመስጠት ግዴታ አለበት። ሥልጣናቸውን ሲለቁም ዜጋው በሥራቸው ላይ ቅሬታ ማቅረብ ይችላል። ሰው በር የሚያንኳኳበትን ቀን ያውቃል ማለት ነው።

ሁለተኛው ነጥብ የድምፅ አቆጣጠር ነው። እዚያ መቀመጫ የሚከፋፈለው ፓርቲዎች ባገኙት ድምፅ መጠን ስለሆነ በ2016 ዓ.ም. በተካሄደው ምርጫ አንደኛ የወጣው ፓርቲ እንኳ ሌሎችን ሳያስከትል መንግሥት መመሥረት አልቻለም። በእኛ አገር ግን በአንድ የምርጫ ክልል በአንድ ድምፅ የበለጠ መቀመጫውን ይወስዳል፤ የቀረው ድምፅ ሜዳ ላይ ይቀራል። በ1997 ዓ.ም. የአዲስ አበባን 23 መቀመጫዎች በሙሉ ቅንጅት ወሰደ። በ2002 ዓ.ም. ከነዚያው 23 መቀመጫዎች 22ቱን ኢሕአዴግ ወሰደ። በ2007 ዓ.ም. ደግሞ ሁሉንም ጠቀለለ። በነዚህ ዓመታት ብዙ የሆነ ነገር አለ፤ ሁሉንም በቆጠራው ላይ ማላከክ አይቻልም። ሆኖም አንድ ከተማ ሙሉ ለሙሉ እንዲህ፣ ከዚያ ሙሉ ለሙሉ እንዲያ ሆኖ ሲታይ፣ በመሃል ሌላውን የመረጠው ጎረቤቴ የት ገባ ብዬ እጠይቃለሁ።

እንደ እኔ አመለካከት ሁለት ነገር ቢታሰብበት ጥሩ ነው። አንደኛው፣ ቢያንስ ከፊሉ መቀመጫ በድምፅ ድርሻ ቢከፋፈል፤ ይህ ሕገ መንግሥት መንካትን ስለሚጠይቅ ረጅም ውይይት ይፈልጋል። ሁለተኛው ግን ነገ ሊጀመር ይችላል። ተወካዩ በየ6 ወሩ አንድ የታወቀ እሑድ በምርጫ ክልሉ ተቀምጦ የሕዝቡን ጥያቄ በጽሑፍ ይቀበል፤ መልሱንም በሚቀጥለው እሑድ ሳይሆን እስከሚቀጥለው 6 ወር ይዞ ይምጣ። የሕገ መንግሥታችን አንቀጽ 54 የሕዝብ አመኔታ ያጣ ተወካይ ከአባልነቱ እንደሚነሳ ይደነግጋል። ነገር ግን አመኔታ የሚታጣው በመጀመሪያ ሰውየው ሲታወቅ ነው። ያላየኸውን ሰው እንዴት ታምነዋለህ? እንዴትስ ትከዳዋለህ?

አያቴ አሁንም ድምፅ መስጠት አልሰለቻትም፤ ካርዷን ከመታወቂያዋ ጋር በመሐረብ ቋጥራ ታስቀምጣለች። ጥያቄዋም አልተለወጠም። እኛ ትምህርት ተማርን የምንል ልጆቿ መልስ ካላገኘንላት፣ ቢያንስ አብረናት እንጠይቅ።

ቸር ይግጠመን።