ጫማውን ማን ሰፋው?

ባለፈው ቁጥር የወጣውን፣ ስለሚበር ጫማ የሚናገረውን ልብ ወለድ ያላነበበ ሰው በዚህ ግቢ ያለ አይመስለኝም። ላላነበበው ባጭሩ፦ በካርታ ላይ በሌለ አገር የሚኖር አንድ ልዑል ጫማ ያጠልቃል፤ መሬት ትለቀዋለች፤ ከአምባ አምባ ይራመዳል፤ ከላይ ሆኖ ሰውን እንደ ጉንዳን ያያል። ያው ነው።

ከዚያ ወዲህ ሻይ ቤቱ ለሁለት ተከፍሏል። አንዱ ወገን «ሕዝብ በሚራብበት አገር ስለሚበር ጫማ መጻፍ ከእውነት መኮብለል ነው» ይላል። ሌላው «ምናብ ነጻ ነው፤ ልጁን ተዉት፣ ይብረር» ባይ ነው። እኔ ከሁለቱም ጋር ጠብ አለኝ። ከሁለተኛው ጋር ያለኝ ግን ይብሳል።

የመጀመሪያው ወገን ያላየው ነገር አለ። እኔ የሐይቅ ልጅ ነኝ። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በሐይቅ እስጢፋኖስ አባ ኢየሱስ ሞዐ ካስተማሯቸው አንዱ አቡነ ተክለ ሃይማኖት ናቸው። ገድላቸው ኋላ ደብረ ዳሞ ላይ ገመዱ ሲቆረጥ ስድስት ክንፍ እንደ ተሰጣቸው ይናገራል። የማያምን ሰው አይመን፤ ሥዕሉን ግን ይመልከት። ባለ ስድስት ክንፉ ጻድቅ በአንድ እግራቸው ቆመዋል፤ ሌላው እግር በጸሎት ብዛት ተቆርጦ ከጎናቸው አለ። ክንፉ የመጣው ገመዱ ከተበጠሰ በኋላ ነው። ክንፍ ያገኘውም ሰው እግሩን ከፍሏል። ይሄ ከእውነት መኮብለል ነው እንዴ?

ደግሞስ የመብረር ምኞት ቅዠት ነው የምትሉ፣ በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ የት ነበራችሁ? ጦርነቱ በውጫሌና በሐይቅ በኩል ወደ ደሴ ሲገፋ አገሬው በእግሩ ነው የተሰደደው። ልጅ ያዘለች፣ አንድ እግር ጫማዋ መንገድ ላይ የቀረባት እናት «ምነው መሬት ለአንድ ሰዓት ብትለቀኝ» ብላ ብትመኝ ቅዠታም የሚላት ማነው?

እንግዲህ ወደ ደራሲያችን ልምጣ። ያንን ምኞት ወስዶ ለማን ሰጠው? ለልዑል! ልዑሉስ ምን አደረገበት? ታየበት።

እንግሊዛዊው ሳሙኤል ጆንሰን አገራችንን አንድ ቀን ሳይረግጥ እ.ኤ.አ. በ1759 «ራሴላስ»ን ጻፈ፤ ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሰውታል። ልዑላኑ የተዘጉበት ሸለቆ ከኛው ከአምባሰል፣ ከግሸን አምባ ወሬ የተነሣ ነው። በግሸን የነገሥታት ልጆች እንዳይነግሡ ይጠበቁ ነበር፤ ዘርዐ ያዕቆብም እ.ኤ.አ. በ1434 የነገሠው ከዚያ ወርዶ ነው። ጆንሰን አምባውን ሸለቆ አደረገው፣ ሐይቅም ጨመረበት። በዚያ በፈጠራ አገር አንድ ብልሃተኛ ክንፍ ሠርቶ ለመብረር አንድ ዓመት ይደክማል። ሥራውን ከመጀመሩ በፊትም ምሥጢሩ እንዳይወጣ ይለምናል፤ ክፉ ሰው ከሰማይ መምጣት ከቻለ ግንብም ተራራም ባሕርም ደጉን አያድነውም ብሎ ነው። ከዚያ ዘሎ ሐይቅ ውስጥ ወደቀ። በአየር ያልጠቀመው ክንፍ ውኃው ላይ አንሳፈፈው፤ ልዑሉም በሕይወትና በሞት መካከል ጎትቶ አወጣው። እንግዲህ አያችሁ፤ በሌለ አገር እንኳ መሬት ትስባለች፤ የሚበር ሰው መጀመሪያ የሚጠየቀው «ማን ላይ ልትወርድ ነው?» ተብሎ ነው።

«ኧረ የሚበር ጫማማ አለ» የሚለኝ አይጠፋም። አለ። ትዕግሥት አሰፋ መስከረም 13 ቀን 2016 ዓ.ም. የበርሊንን ማራቶን በ2 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ከ53 ሰከንድ ስትጨርስ የጊዜውን የሴቶች የዓለም ክብረ ወሰን ከሁለት ደቂቃ በላይ ነው ያሻሻለችው። አበበ ቢቂላ እ.ኤ.አ. በ1964 ቶኪዮ ላይ ካሸነፈበት ሰዓት እንኳ ትፈጥናለች። የአዲዳስ ጫማዋ 138 ግራም ነው። ከሥሩ ወፍራም፣ ግን እጅግ ቀላል ስፖንጅ አለው፤ በስፖንጁ ውስጥ የካርቦን ዘንጎች አሉ፤ ሲረገጥ ተጨምቆ ጉልበቱን ለእግር ይመልሳል። ዋጋው 500 ዶላር፣ ዕድሜው እንደ ሠሪዎቹ አባባል አንድ ውድድር። ወዲያው «ጫማው ነው የሮጠው» ያሉ ነበሩ። ይበሉ፤ አበበ ሮም ላይ በባዶ እግሩ አሸንፎ የለም? እኔ የምለው ሌላ ነው። ያ ጫማ ክብደት አለው፣ ዋጋ አለው፣ ዕድሜ አለው፣ ሠሪ አለው። የልዑሉ ጫማ አንዱም የለውም።

በኛ አገር ደግሞ «ማን ሰፋው?» ቀላል ጥያቄ አይደለም። ቆዳ ፋቂው፣ ብረት ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋ ሲሰደቡ፣ ቡዳ ሲባሉ የኖሩበት አገር ነው። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው የሚሰድብ ይቀጣል ብለው እስከ ማወጅ የደረሱት ስድቡ ሥር ስለ ሰደደ ነው። ጫማውን እናደርጋለን፣ ሰፊውን እንጸየፋለን። ደራሲያችን አዲስ ዓለም ልፍጠር ብሎ ተነሣ፤ ተራራውን በፈቀደው ቀለም ቀባ፣ ጨረቃዋን ሁለት አደረጋት፣ ፋቂውን ግን አስቀረው። ጫማው «ከሰማይ ወረደ» አለን። ልዑሉን ሳይረሳ ፋቂውን ከረሳ ምኑን አዲስ ዓለም ሆነ? አሮጌውን እንዳለ ተሸክሞ ነው የሄደው።

ለመስከረም 21 ግሸን የሚወጣውን ሰው እግር ልብ ብሎ ያየ በረባሶ ያውቃል። በደሴ መንገድ ጭነት ተሸክሞ ያረጀ የመኪና ጎማ በቢላ ይቀደዳል፣ በእግር ልክ ይቆረጣል፣ በሚስማር ይመታል፤ ከዚያ ሰው ተሸክሞ ገደሉን ይወጣል። ከዚህ የበለጠ አስማት ያለው አንድ ገጽ በልብ ወለዱ ውስጥ ካለ አሳዩኝ።

ሁለተኛው ክፍል በሚቀጥለው ቁጥር ይወጣል ተብሏል። ደራሲው ጎበዝ ነው፣ አልክድም፤ ስለ ደመናው የጻፈውን ሁለቴ አንብቤዋለሁ። ስለዚህ ሳይረፍድ ልጠይቀው። ጫማው ስንት ግራም ይመዝናል? ሲበጠስ ማን ይጠግነዋል? ልዑሉ ከላይ ሆኖ እንደ ጉንዳን ካያቸው ሰዎች መካከል ሰፊው የትኛው ነበር?