የዕድር መዝገብ አይጣል

ኢትዮጵያ ሕዝቧን በአገር አቀፍ ደረጃ ለመጀመሪያ ጊዜ የቆጠረችው በ1976 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት በከተሞቻችን ስንት ሰው ይኖር እንደነበር አጥብቀው ከጠየቁት ምሁራን ግንባር ቀደሙ ፕሮፌሰር ሪቻርድ ፓንክረስት ናቸው። የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም የመጀመሪያ ዳይሬክተር የነበሩት እኚህ ሰው፣ እ.ኤ.አ. በ1982 እና በ1985 ባሳተሟቸው ሁለት የከተሞች ታሪክ መጻሕፍት በየዘመኑ የመጡ ተጓዦች የጻፉትን ከተማ በከተማ አሰባስበዋል። አዳማ ዛሬ የሚያስፈልጋት ይኸው አሠራር ነው እላለሁ።

በበቅሎ የሚያልፍ እንግዳ በዓይኑ የገመተው ቁጥር ምን ይታመናል የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ ንጉሡ ሲሰፍር የሚሞላ፣ ሲነሣም የሚራቆት ከተማ በአንድ ሰው ምስክርነት አይለካም። ስለ 1880ዎቹ ክፉ ቀንም «ሲሶው ሕዝብ አለቀ» የሚለው ቆጠራ ያልደገፈው ግምት ነው። ነገር ግን የከብቱን ዕልቂት፣ የእህሉን ዋጋና የተፈታውን መንደር አብሮ ላመዛዘነ የጥፋቱ ስፋት አያጠራጥርም። ደካማ ምስክር ብቻውን ሲቆም ነው የሚያሳስተው።

አዳማ በ1987 ቆጠራ 127,842፣ በ1999 ደግሞ 220,212 ነዋሪ ነበራት። ከ1976 በፊት ስላለው ግን፣ አዲስ አበባ በ1909 የደረሰው ሐዲድና በ1946 ሥራ የጀመረው የወንጂ ስኳር ፋብሪካ ማንን ከየት እንዳመጡ በዝርዝር ለማወቅ ሌላ ሰነድ ያሻል። ፈረንሳዊው ሉዊ አንሪ ከአጥቢያ የጥምቀት፣ የጋብቻና የቀብር መዝገቦች ቤተሰቦችን አንድ በአንድ መልሶ በማገናኘት ቆጠራ ያልነበረውን ዘመን ወሊድና ሞት አስልቷል። እኛ ዘንድ የክርስትና መዝገብ ሙስሊሙንና ዋቄፈታውን አይጨምርም ቢባል ተገቢ ተቃውሞ ነው። ለዚህም የመስጊዱ የኒካህ ወረቀት፣ የማዘጋጃ ቤቱ ፋይልና የፋብሪካው የደመወዝ መዝገብ አሉ። ከሁሉ የምመርጠው ግን የዕድርን መዝገብ ነው፤ የአባሉን ስም፣ የቤተሰቡን ዝርዝር፣ ወርኃዊ መዋጮውንና በሞት ጊዜ የተከፈለውን ገንዘብ ከነቀኑ ይይዛል፤ የሰፈር ዕድር ከሆነም የተለያየ እምነት ያላቸውን ጎረቤታሞች በአንድ ደብተር ያገናኛል። ድሃውና አዲስ መጤው ከዕድር ውጭ ሊቀር ይችላል፤ እሱን ደግሞ የደመወዙ መዝገብ ያገኘዋል።

መንግሥት ልደትና ሞትን በአገር አቀፍ ደረጃ መመዝገብ የጀመረው በ2008 ነው። ስለዚህ የአዳማ፣ የሞጆ፣ የመቂና የሻሸመኔ የዕድር ጸሐፊዎች ሆይ፣ ያለቀውን ደብተር አትጣሉ። የአዳማ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲም ባለቤቶቹን አስፈቅዶ፣ ገመናቸውን ጠብቆ፣ ገጽ በገጽ ፎቶ ያንሣልን።