ጎንደርን ለልጆች ስናሳይ

መንገዱ ሰላም ሲሆን ልጆቻችሁን ይዛችሁ ጎንደር ለመሄድ ካሰባችሁ፣ ለአንድ ቀን አስጎብኚ ያዙ። ጠዋት ፋሲል ግንብን ያስጎበኛችኋል፤ ዩኔስኮ በ1979 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት እንደመዘገበውም ይነግራችኋል። ስለ ነገሥታቱ ሲያወራ ግን ግንበኞቹን ሊዘላቸው ይችላል። ያኔ እናንተ ለልጆቹ ንገሯቸው፦ በጎንደር ቤተ መንግሥቶች ግንባታ ላይ ከሠሩት ግንበኞችና አናጺዎች መካከል ቤተ እስራኤልም ነበሩበት። ከሰዓት በኋላ ከከተማው ወጣ ብላ ወዳለችው፣ እናቶቻችን በሸክላ ሥራ ወደታወቁባት ወለቃ እለፉ።

ታዲያ ከኪርያት ጋት ከመነሳታችሁ በፊት፣ አንድ ቅዳሜ ማታ ሰንበት ሲወጣ አያቶች ጋ ቁጭ በሉ። የመንደራቸውን ስም፣ የአባታቸውን ሙያ ጠይቁና ጻፉት። ግንቡ እስክንሄድ ይቆየናል፤ ሽማግሌዎቻችን ግን እያለፉብን ነው። ቸር ሰንብቱ!