የትኛው መቶ?

ለመጀመሪያ ዓመት የሳይንስ ተማሪዎች ትምህርት በጀመርን ቁጥር የማቀርበው አንድ ጥያቄ አለኝ። ዋጋው 1,000 ብር የነበረ ጫማ በመጀመሪያ 20 በመቶ፣ ቀጥሎም ከቀረው ዋጋ ላይ 10 በመቶ ቢቀነስለት በጠቅላላው ስንት በመቶ ቀነሰ? "30 በመቶ" የሚለው መልስ ከየአቅጣጫው ይሰማል። "እንግዲያው 50 በመቶ ተቀንሶ እንደገና 50 በመቶ ቢቀነስ ጫማው በነፃ ሊሰጣችሁ ነው?" ስላቸው ክፍሉ በሳቅ ይሞላል። ሳቁ ግን ስሕተቱን አያርመውም።

የስሕተቱ ምንጭ "በመቶ" የሚለውን ቃል ብቻውን እንደቆመ ቁጥር መመልከት ነው። በመቶ ምንጊዜም የአንድ ነገር በመቶ ነው። የመጀመሪያው 20 በመቶ የ1,000 ብር በመሆኑ 200 ብር ይቀንሳል። ሁለተኛው 10 በመቶ ግን የ800 ብር ስለሆነ የሚቀንሰው 80 ብር ብቻ ነው። ስለዚህ ጠቅላላው ቅናሽ 280 ብር፣ ማለትም 28 በመቶ ይሆናል።

ለፈተና መለማመጃነት የሚሸጡ መጻሕፍት ለዚህ አቋራጭ ቀመር ያስተምራሉ፤ ሁለቱን ቅናሾች ደምር፣ ከድምሩም ላይ ብዜታቸውን ለ100 አካፍለህ ቀንስ ይላሉ። 20 + 10 − 2 = 28። ቀመሩ ትክክል ነው። ይሁንና ቅናሹ አምስት ጊዜ የተደጋገመ እንደሆነ ምክንያቱን ሳያውቅ የሸመደደውን ተማሪ ሜዳ ላይ ይጥለዋል።

በእኔ እምነት መምህራን "ስንት ቀነሰ?" ከማለታቸው በፊት "ስንት ቀረ?" የሚለውን ማስቀደም ይገባቸዋል። 20 በመቶ ሲቀነስ 0.8 ይቀራል፤ 10 በመቶ ሲቀነስ 0.9 ይቀራል፤ 0.8 × 0.9 = 0.72። የቅናሾቹ ቅደም ተከተል ቢለዋወጥ ውጤቱ የማይለወጠው ለምን እንደሆነም ከዚሁ ብዜት ይታያል። "በፈተና ሰዓት ጊዜ የለም" የሚሉ ይኖራሉ፤ ነገር ግን ይህ መንገድ ከቀመሩ አይረዝምም።

ጉዳዩ የጫማ ዋጋ ብቻ አይደለም። ለካንሰር ሕክምና የሚያገለግለውን ኮባልት-60 እንውሰድ። ግማሽ ዕድሜው 5.27 ዓመት ስለሆነ የጨረሩ ኃይል በየዓመቱ ከነበረበት በ12.3 በመቶ ያህል ይቀንሳል፤ ሕመምተኛው ለጨረሩ የሚጋለጥበት ጊዜም በዚያው ልክ መርዘም አለበት። አንድ ሰው 12.3ን በ5 አባዝቶ "ከአምስት ዓመት በኋላ የሚቀረው 38.5 በመቶ ነው" ቢል ይሳሳታል። 0.877 አምስት ጊዜ በራሱ ሲባዛ የሚገኘው 0.52 ያህል ነውና በእርግጥ የሚቀረው 52 በመቶ ገደማ ነው። በተሳሳተው ስሌት ጊዜው ቢራዘም ሕመምተኛው ከታዘዘለት በ35 በመቶ ያህል የበለጠ ጨረር ይቀበላል። በክፍል ውስጥ ያሳቀን ስሕተት እዚህ ላይ አያስቅም።

ውድ አንባቢያን፣ አንድ ጥያቄ ልተውላችሁ። ዋጋው 20 በመቶ የቀነሰ ዕቃ ወደ ነበረበት እንዲመለስ ስንት በመቶ መጨመር አለበት? "20" ብሎ ሊመልስ የተነሣ ሁሉ አስቀድሞ "የትኛው መቶ?" ብሎ ራሱን ይጠይቅ።