የሌለው ተራራና ያለው ድንጋይ

ስለ ላስታ ተራሮች በሚጻፈው፣ በሚሣለውና በሚዘፈነው ሁሉ አንድ ልማድ ሲደጋገም ይታያል። ይኸውም ተራራው እንደ ምድር ተራራ ሳይሆን እንደ ሌላ ዓለም ተቆጥሮ መቅረቡ ነው። በሥዕሉ ላይ ጫፉ ደመና ለብሶ ያበራል፤ በግጥሙ ውስጥ ይተነፍሳል፣ ይናገራል፣ ይፈውሳል፤ ለጎብኚ በሚታተመው ወረቀት ላይ ደግሞ «ምስጢራዊ» የሚለው ቃል ሳይለጠፍበት አያልፍም። ነገሩ ላይ ላዩን ሲያዩት ለተራራው የተሰጠ ክብር ይመስላል። ሲመረመር ግን በተራራው ላይ የሠሩትን ሰዎች ከታሪካቸው የሚነቅል ሆኖ ይገኛል።

ይህ ፈጠራ በላስታ የተወለደ አይደለም። በአውሮፓ የቆየ ገበያ ነበረው። መነሻውም ከላስታ በስተደቡብ፣ በአምባሰል የሚገኘው አምባ ግሸን ነው። የነገሥታት ልጆች ዙፋን እንዳይሻሙ ተግዘው የሚጠበቁበት ይህ ብርዳም አምባ ከባሕር ማዶ ብዕር ሲደርስ ገነት ሆነ። ስፔናዊው ሉዊስ ደ ኡሬታ የኢትዮጵያን ምድር ሳይረግጥ እ.ኤ.አ. በ1610 ባሳተመው መጽሐፍ፣ በአምባው ላይ ወደር የሌለው ቤተ መጻሕፍት አቆመበት። በአገሩ ለዓመታት የኖረው ፔድሮ ፓኤዝ ይህንን ለማስተባበል ሰፊ ታሪክ ጻፈ። የፓኤዝ ሥራ እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን ድረስ ሳይታተም ሲቀመጥ ተረቱ ግን ዓለምን ዞረ። ሚልተን እ.ኤ.አ. በ1667 በታተመው ሥራው «የአማራን ተራራ» ከገነት ጋር አነጻጸረው፤ ሳሙኤል ጆንሰንም በ1759 «ራሴላስ» በተባለው መጽሐፉ በተራሮች የተከበበ፣ ምንም የማይጎድልበት ሸለቆ አደረገው። ሲራክ ኅሩይ ይህንን መጽሐፍ ወደ አማርኛ ስለመለሰው አንባቢ ያውቀዋል። የጆንሰን ልዑል ከዚያ ምቾት ለማምለጥ መሞከሩ ለደራሲው የሚመሰገንበት ነው። የዛሬዎቹ ገጣሚዎች ግን ወደ ውስጥ ለመግባት ይሽቀዳደማሉ።

ምንም አይጎድልበትም በተባለው በዚያው የወሎ ምድር በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. ገበሬው ከደረቀ ማሳው ወጥቶ በመንገድ ዳር ወደቀ። በ1977 ዓ.ም. የላስታ ሕዝብ እንደገና ተራበ። የሚናገረው ተራራ ያን ጊዜ አልተናገረም።

እውነተኛው ተራራ ተአምር ሳይለጠፍበት የሚበቃ ነገር አለው። አቡነ ዮሴፍ ከ4,200 ሜትር በላይ ይነሣል። በከፍታው ላይ ጅብራና ጓሳ ይበቅላሉ፤ ቀይ ቀበሮና ጭላዳ ይኖሩበታል። ተከዜ ከላስታ ደጋ ይመነጫል። ገበሬው በብርዱ ውስጥ ገብስ ያበቅላል። ይህንን አስተውሎ የሣለ ሠዓሊ ጥቂት ነው፤ ደመና መሣል ይቀላልና።

ከሁሉ የከፋው ጉዳት የደረሰው ግን በአብያተ ክርስቲያናቱ ላይ ነው። የአገሬው ትውፊት ሰዎች ቀን የሠሩትን መላእክት ሌሊት እጥፍ ያደርጉላቸው እንደነበር ይናገራል። እምነቱ የምእመኑ ነው፤ ከዚህ ክርክር ውጭ ነው። ልብ ሊባል የሚገባው ግን ትውፊቱ የቀኑን ሥራ ለሰው መተዉ ነው። የባዕድ ደራሲዎች ይህንንም ነፈጉ። ግርሃም ሃንኮክ እ.ኤ.አ. በ1992 ባሳተመው መጽሐፍ ቴምፕላር የተባሉ የመስቀል ጦረኞችን ወደ ላሊበላ አመጣ። እርግጥ ነው፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን የመጣው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝም ሥራው የነጮች ነው ተብሎ እንደተነገረው ጽፏል። ወሬ ግን በዕድሜ ብዛት ማስረጃ አይሆንም።

ማስረጃው ያለው በድንጋዩ ላይ ነው። ከላሊበላ በፊት እንደነገሠ የሚነገርለት ይምርሐነ ክርስቶስ በዋሻ ውስጥ ያሠራው ቤተ ክርስቲያን በአክሱም ሥርዓት እንጨትና ድንጋይ እየተነባበረበት የቆመ ነው። ወደ ላሊበላ ወርዶ ቤተ አማኑኤልን የተመለከተ ሰው ያንኑ ገባ ወጣ ያለ ግድግዳ ያገኘዋል። ልዩነቱ በአማኑኤል እንጨት አለመኖሩ ነው፤ አናጢው በእንጨት የሠራውን ጠራቢው በአንድ ወጥ አለት ደገመው። ይህንን ሊያደርግ የሚችለው የቀድሞውን ሥራ ጠንቅቆ የሚያውቅ እጅ ብቻ ነው። ርዝመቱ 33 ሜትር ገደማ የሆነው ቤተ መድኃኔ ዓለም ከላይ ወደ ታች ተጠረበ። በቅድሚያ ዙሪያው ተቆፈረ፤ ከዚያ ጣሪያው፣ ከዚያ ግድግዳው ወጣ። በግንብ ሥራ የተበላሸ ድንጋይ ይነሣና ሌላ ይተካል። እዚህ ግን አንድ ዓምድ በስሕተት ከተቆረጠ የሚተካው የለም። የዝናቡ ውኃ የሚወርድበት ቦይ ሳይቀር አስቀድሞ ታስቦበታል። መልአክ ቦይ አያስፈልገውም።

ደግሞም ፍርስራሹ አለ። ከአለቱ የወጣው ድንጋይ በአካባቢው ተከምሮ ቀርቷል፤ በቅርብ ዓመታት የአርኪዮሎጂ ተመራማሪዎች ክምሩን እየቆፈሩ የሥራውን ቅደም ተከተል አንብበውበታል።

ይህ የድሮ ነገር ብቻ አይደለም። አብያተ ክርስቲያናቱ በ1978 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት ተመዘገቡ። በ2000 ዓ.ም. ገደማ ከዝናብ እንዲከልሏቸው በአንዳንዶቹ ላይ ግዙፍ መጠለያዎች ቆሙ። በ2011 ዓ.ም. መጀመሪያ የከተማው ነዋሪ መጠለያው በቅርሱ ላይ አደጋ ሆኗል ብሎ ሰልፍ ወጣ። የሰልፈኛው ጥያቄ የዓምድ፣ የክብደትና የስንጥቅ ጥያቄ ነበር። በግጥምና በዘፈን «በሰው እጅ ያልተሠራ» እየተባለ ሲሞገስ የኖረ አለት ሲሰነጠቅ ግን ማን ይጠግነዋል? ድንጋዩን የሚያውቅ ጠራቢ በብዛት ያልሠለጠነው፣ መሮና መዶሻ የመሠረቱት ጥበብ ከትምህርት ቤት የራቀው፣ ሥራው የሰው አይደለም ሲባል ስለኖረ ጭምር ነው።

እንግዲህ የታሪክ መምህሩ ተማሪዎቹን ከቤተ ክርስቲያኑ በር በፊት ወደ ፍርስራሹ ክምር ይውሰዳቸውና ይህ ሁሉ በስንት ሰው ጫንቃ እንደወጣ ይጠይቃቸው። ሠዓሊውም ከደመናው ወርዶ ጉድጓዱን ይሣል፤ በውስጡም መሮ የያዘውን፣ ድንጋይ ተሸክሞ የሚወጣውን፣ ከአፋፉ ላይ ቆማ ቆሎና ውኃ የምታቀብለውን።